ወዴት ይሄዳል?

ጂንካ በኖርኩባቸው ዓመታት አንድ መጥፎ ጠባይ ያዘኝ፤ ሰው ሲያናግረኝ የሚለውን ትቼ ዓይኑን አያለሁ። ብሌኑ ሲሰፋና ሲጠብ፣ ቆቡ ሲርገበገብ እያየሁ ወሬው ያመልጠኛል። ገሚሱ ሰው ንቀት ነው አለ፣ ገሚሱ ነካ አድርጎታል አለ። ጥፋቱ ግን የመጽሐፍ ነው።

ጤና ጣቢያው ውስጥ ከመድኃኒት ክፍሉ ጀርባ ቁልፉ የጠፋበት ቁም ሣጥን ነበር። በመጣሁ በሦስተኛው ወር፣ ዝናቡ መንገዱን ዘግቶ አውሮፕላኑም ሳይመጣ በሰነበተበት ሰሞን፣ ሥራ ስፈታ በመቀስ ጫፍ ከፈትኩት። የዛገ የመርፌ መቀቀያ፣ ግማሽ ጥቅል ፋሻ፣ ተጠቅልሎ የቆመ የዓይን መመርመሪያ ሰሌዳ፣ ከሥር ደግሞ ሁለት ወፋፍራም የእንግሊዝኛ መጻሕፍት አገኘሁ። ከአብዮቱ በፊት እዚህ ይሠሩ የነበሩ ፈረንጆች ትተዋቸው የሄዱ ናቸው አሉኝ። አንደኛው ብርሃን ዓይን ውስጥ ገብቶ እንዴት እንደሚሰበር ይናገራል፤ ሁለተኛው ዓይን ያየውን ነገር አእምሮ ምን እንደሚያደርገው። የሁለተኛውን የመጨረሻ ምዕራፍ ምስጥ በልቶታል። እስከ ዛሬ መጨረሻው ምን እንደሚል አላውቅም።

እኔ ጤና ረዳት ነበርኩ፣ የደጋ ልጅ። የምደባ ዕጣ ወጥቶ ጂንካ ሲደርሰኝ ጓደኞቼ «ደኅና ሰንብት» አላሉኝም፣ «ነፍስ ይማር» ነው ያሉኝ። የተከራየሁት ክፍል ከአውሮፕላን ማረፊያው ሣር ጥግ ነበር። አውሮፕላን በሚመጣበት ቀን ዘበኛው ላሞቹንና ፍየሎቹን ከሜዳው ያባርራል፣ የከተማው ሰው ወጥቶ ማን እንደወረደ ያያል። እኔም ወጥቼ አይ ነበር። ለእኔ የሚወርድ ሰው አልነበረም፤ ግን ካልወጣሁ የመጣልኝን ሰው ያጣሁት ይመስለኛል።

መጽሐፎቹን በመዝገበ ቃላት እየታገዝኩ በቀን ግማሽ ገጽ አነብ ነበር። የምናየው ነገር ሁሉ ዓይናችን ውስጥ ተገልብጦ እንደሚያርፍና አእምሮ እንደሚያቃናው ያነበብኩ ቀን መቀመጥ አቃተኝ። ለመድኃኒት ክፍሉ ሠራተኛ ስነግረው «ተገልብጦ ያረፈውስ አንተ ነህ፣ ጂንካ ላይ» አለኝ። ለቤት አከራዬ ነገርኳቸው፤ ጨርሰው ካዳመጡኝ በኋላ «ልጄ፣ አግባ» አሉኝ። ምክሩ መጥፎ አልነበረም። ግን የማገባት ቀርታ የማወራት እንኳ አልነበረችኝም።

አንድ ነገር ነበር ብቻዬን የምጫወተው። ወረቀት ላይ መስቀልና ነጥብ ጎን ለጎን ትሥላለህ፣ አንድ ዓይንህን ትሸፍናለህ፣ በሌላው መስቀሉን እያየህ ወረቀቱን ወደ ፊትህ ታስጠጋለህ። የሆነ ቦታ ላይ ነጥቡ ይጠፋል። ሁላችንም ዓይን ውስጥ የማያይ ቦታ አለን። የሚገርመው ግን ነጥቡ የጠፋበት ቦታ ቀዳዳ ሆኖ አይታይም፤ አእምሮ በወረቀቱ ነጭነት ይሞላውና ምንም እንዳልጎደለ ያስመስለዋል። እንዳላየህ አታይም። ይህን እያነበብኩ የተረዳሁት መስሎኝ ነበር።

በዚያ ሁሉ ዓመት የምትነካኝ አንዲት ሴት ነበረች። ቀይ አፈር ወደሚባለው ከተማ በሚወስደው መንገድ ካለ የበና ሰዎች መንደር ነበር የምትመጣው። ትራኮማ የዓይኗን ቆብ ወደ ውስጥ አጥፎት ሽፋሽፍቷ ብሌኗን ይፍቀዋል። ቀዶ ሕክምና የሚደረግላት አርባ ምንጭ ነበር፤ እሷ ደግሞ ከብቶቿን ትታ የትም አልሄድም አለች። ስለዚህ በየሁለት ሳምንቱ ቅዳሜ፣ ገበያ ውላ ትመጣና መሬት ቁጭ ትላለች፣ ራሷን ጉልበቴ ላይ ታደርጋለች፣ እኔ በወረንጦ የበቀሉትን አንድ በአንድ እነቅላለሁ። ጸጉሯ በቅቤና በቀይ አፈር የተሠራ ስለነበር ነጩ ጋውኔ ጉልበቱ ላይ ቀላ፤ በሳሙና አልለቀቀም። ሥጋ ቤት ነው ወይ የምትሠራው እያሉ ይቀልዱብኝ ነበር። እኔ ግን ያን ቅዳሜ እጠብቀው ነበር። ሰው ራሱን ጉልበትህ ላይ ጥሎ ዓይኑን ሲሰጥህ እንዴት እንደሚያምንህ ያልቀመሰው አያውቀውም።

አማርኛዋ የገበያ አማርኛ ነበር፣ ሴትና ወንድ አትለይም። «ሐኪም፣ ደኅና ነሽ?» ትለኛለች። አርሜያት አላውቅም። ባሏ ሞቷል፤ ሴቶች ልጆቿ አግብተው ሄደዋል፤ ከብቱንም ማሽላውንም የሚይዘው አንድ ወንድ ልጇ ነው። አንድ ጊዜ አብሯት መጥቶ አይቼዋለሁ። ሃያን የዘለለ፣ ረጅምና ዝምተኛ ወጣት ነበር፣ በር ላይ ቆሞ የወረንጦዬን ጫፍ ሲከታተል ዓይኑን አልነቀለም።

ብሔራዊ ውትድርና ከታወጀ በኋላ ለየገበሬ ማኅበሩ ኮታ መጣ። ወደ ቆላዎቹ መንደሮች የደረሰው ዘግይቶ ነው። የእኔ ሥራ ኪሎ መመዘን፣ ደረት ማዳመጥና ዓይን መመርመር ነበር፤ ዓይን ላይ የወደቀ ይመለሳል። ለሰዎቹ ግን «የጤና ምርመራ» ተብሎ ብቻ ነበር የተነገራቸው። እኔም ከዚያ በላይ አልነገርኳቸውም። ማን ጠየቀኝ ብዬ ራሴን አጽናናሁ።

ሰሌዳው ላይ ያለው አንድ ምልክት ብቻ ነው፤ አንድ ግንድና ሦስት ጣት ያለው፣ ሹካ የሚመስል። አንዴ ወደ ቀኝ፣ አንዴ ወደ ግራ፣ አንዴ ወደ ላይ፣ አንዴ ወደ ታች ዞሯል፤ ከላይ ትልልቅ ነው፣ ወደ ታች እያነሰ ይሄዳል። ተመርማሪው ጣቶቹ የዞሩበትን አቅጣጫ በእጁ ያሳያል። ፊደል ለማያውቅ ሰው የተሠራ ነው፤ ለማንም ይሆናል ተብለን ነው የተማርነው። የእሷ መንደር ወጣቶች ሲመጡ «የምልክቱ ጣቶች የዞሩት ወደ የት ነው?» ብዬ ጀመርኩ። የገበሬ ማኅበሩ ጸሐፊ ነበር የሚያስተረጉምልኝ፤ ነገሩ ረዘመበት፣ ሰዉም ጣት ያለው ምልክት ሲባል ሳቀ። ቸኩዬ ነበርና አሳጠርኩት። «ወዴት ይሄዳል? በላቸው» አልኩት።

አሥራ አንድ ነበሩ፣ የእሷም ልጅ አለበት። አሥራ አንዱም ወደቁ። ከኮረብታ ማዶ የራሱን ወይፈን ከሰው ወይፈን የሚለይ ሰው ትልቁን ምልክት ከአምስት እርምጃ ሲስት እያየሁ የስህተት ምልክቴን አደረግሁ። አንድም ያመነታ አልነበረም፤ ሁሉም ወዲያው ወዲያው ነው እጁን የሚዘረጋው። ዕውር ይደናበራል እንጂ አይቸኩልም። ይህን ያኔ ማየት ነበረብኝ፣ አላየሁም።

ወረቀቱ አውራጃው ሲደርስ የምልመላ ኮሚቴው ሊቀመንበር አስጠሩኝ። ቁጡ ሰው አልነበሩም፤ መነጽራቸውን ገፋ አድርገው ቀስ ብለው ነበር የሚናገሩት።

«ጓድ ሐኪም» አሉኝ፣ «ይህ መንደር በሙሉ ዕውር ከሆነ ከብቱን ማን ነው የሚጠብቀው?»

በሦስተኛው ሳምንት እሳቸው ባሉበት፣ እዚያው መንደሩ ድረስ ወርደን ምርመራው እንደገና እንዲደረግ አዘዙ።

ከዚያ በፊት በነበረው ቅዳሜ ሴትዮዋ መጣች። እንደ ሁልጊዜው አልተቀመጠችም። ገበያ ላይ መንደራቸውን የዕውሮች መንደር እያሉ መሳቂያ እንዳደረጓቸው፣ ልጇም ሊያገባት የነበረችው ልጅ ቤተሰቦች ማቅማማት እንደጀመሩ፣ ለዕውር ማን ይድራል እንዳሉ በዚያች አማርኛዋ ነገረችኝ።

«ልጄ ያያል» አለች። «አንቺ አያይም ብለሽ ጻፍሽ።»

አዘንኩ፣ ግን ተበሳጨሁም። ሥራዬን የምታስተምረኝ መሰለኝ። እጇን ይዤ ሰሌዳው ሥር አቆምኳትና ልጇ የሳተውን ትልቁን ምልክት አሳየኋት፣ ይኸው፣ ይህን እንኳ አላየም ለማለት። «ወዴት ይሄዳል?» አልኳት። በደከመ ዓይኗ ተጠግታ አየችና በግንዱ በኩል አሳየች። ከጣቶቹ በተቃራኒ ማለት ነው። አይደለም አልኳት። ነው አለች። አይደለም አልኳት። ንድድ አላትና ጥላኝ ወደ ግቢው ወጣች። ዘበኛው ለአጥር ብሎ ከቆረጠው የግራር እሾህ አንዱን ቅርንጫፍ ግንዱ ላይ ያዘችና ግቢውን ለግቢው ጎተተችው። ግንዱ ከፊት፣ ቅርንጫፎቹ ከኋላ እየተንኮሻኮሹ።

«ይሄዳል!» አለችኝ፣ የምትሄድበትን በእጇ እያሳየች።

እነዚህ ሰዎች ከብት ባስገቡ ቁጥር የበረታቸውን በር የሚዘጉት በእሾህ ነው። እሾህ ደግሞ ግንዱን ተይዞ ነው የሚጎተት፣ ጫፉ ከኋላ ይከተላል። ሦስት ጣት ያለው ምልክት ወዴት ይሄዳል ብሎ የጠየቃቸው እኔ ነኝ፤ የሚሄድበትን ነገሩኝ። ከላይኛው ረድፍ እስከ መጨረሻው ትንሹ ድረስ አንድም ሳይስቱ አይተውት ኖሯል። እኔ የተሳሳቱትን ቆጠርኩ እንጂ ስህተቱ ምን ዓይነት እንደሆነ አላየሁም። ያ ምስጥ የበላው መጽሐፍ ዓይን ያያል፣ የሚፈርደው ግን ሌላ ነው እያለ ስድስት ዓመት ሲነግረኝ ኖሮ፣ ነገሩ ፊቴ ሲቆም አላወቅሁትም።

ከዚያ ደስ አለኝ። ይህን መደበቅ አልችልም፤ በዚያ አገር እንደዚያ ቀን ደስ ብሎኝ አያውቅም። የማወራው ሰው አገኘሁ። ወደ ውስጥ መለስኳትና መጽሐፉን አወጣሁ፣ የዓይኑን ሥዕል አሳየኋት፣ እጄን እያወናጨፍኩ ምን እንዳልኳት አላስታውስም። ከዚያ ሰሌዳው ላይ እኛ የምንፈልገው የሚሄድበትን እንዳልሆነ፣ የእሾሁ ጫፍ ያለበትን እንደሆነ አስረዳኋት። ሞከረች፣ አገኘችው። ሌላ አሳየኋት፣ አገኘችው። ሁለታችንም ሳቅን። ደግማ ደጋግማ እንድታሳየኝ አደረግሁ፣ እንደ ተማሪዬ። ራስ ሲመለጥ፣ አፍ ሲያመልጥ አይታወቅም ይባላል። የዚያን ቀን ሽፋሽፍቷን ነቅዬላት ስትሄድ እስከ መንገዱ ድረስ ሸኘኋት።

ነገሩ የታወሰኝ ሰኞ ጠዋት የሊቀመንበሩን ደብዳቤ ጠረጴዛዬ ላይ ሳይ ነው። ካዩ ይሄዳሉ። ጥያቄውን ካስተካከልኩ አሥራ አንዱም ያልፋሉ፣ አሥራ አንዱም ወደ ሰሜን ይጫናሉ። ከሰሜን ምን እንደሚመጣ ደግሞ አውቅ ነበር፤ እጅና እግር ያጡትን ቁስል የማጥበው እኔ ነበርኩ። ሦስት ቀን ስበላም ስሠራም ሳወጣ ሳወርድ ቆየሁና ጥያቄውን እንዳለ ለመተው ወሰንኩ። መዋሸት አያስፈልገኝም፤ ወዴት ይሄዳል ብዬ ብቻ እጠይቃለሁ። በሕይወቴ ከሠራኋቸው ጥቂት ደፋር ነገሮች አንዱ ይህ ነው ብዬ በልቤ ኮራሁ። ስለ እሷ አላሰብኩም። እውነቱን ለመናገር፣ በዚያች በተሰባበረች አማርኛ የነገርኳትን ይዛ ትሄዳለች ብዬ አልገመትኳትም።

በቀጠሮው ቀን ሊቀመንበሩ በላንድሮቨር ይዘውኝ ወረዱ። ሰሌዳውን ከመንደሩ ትልቅ ግራር ግንድ ላይ ሰቀልኩት። ሊቀመንበሩ ጎኔ በርጩማ ላይ ተቀመጡ፣ ወረቀቱን ከእጄ ወስደው ራሳቸው ምልክት ሊያደርጉ። መንደርተኛው ተሰብስቧል፣ ሴቶቹ በአንድ ወገን ቆመዋል። ጸሐፊው «ወዴት ይሄዳል?» ሲል ጠየቀ። የመጀመሪያው ወደ ግንዱ አሳየ። ሊቀመንበሩ የስህተት ምልክት አደረጉ። ሁለተኛውም፣ ሦስተኛውም። በዱላ ምልክቶቹን እየነካሁ ቆጠርኩ፤ አሥር ሰው ወደቀ። ሊቀመንበሩም እንደ እኔ ስህተቱን ቆጠሩ እንጂ አላዩትም።

አሥራ አንደኛው የእሷ ልጅ ነበር። ዱላዬን ትልቁ ምልክት ላይ ሳሳርፍ ወዲያው አልመለሰም። ወደ እኔ ዞሮ አየኝ፣ ያጠናውን ትምህርት ሊያነብ እንደቆመ ልጅ። ከዚያ እጁን ዘርግቶ የእሾሁን ጫፍ አሳየኝ።

ሁለተኛውን ነካሁ፤ ጫፉን አሳየ። ዱላዬን ከሰሌዳው ላይ ባነሳው፣ ታምሜያለሁ ብዬ ብቀመጥ፣ የሆነ ነገር ባደርግ ምን ነበር? አላደረግሁም። ሊቀመንበሩ ቀጥል አሉኝ፣ ቀጠልኩ። እስከ መጨረሻው ረድፍ፣ እኔ ራሴ ቆቤን ሸብሸብ አድርጌ እስከማያት ትንሽ ምልክት ድረስ አንድም አልሳተም። ከሴቶቹ መሀል እናቱ ስትስቅ አየኋት። አጠገቧ ላለችው ሴት የሆነ ነገር ነገረቻት፣ ልጄ ይኸው ዓይቷል ማለቷ ነው መቼስ።

ሊቀመንበሩ ከደረት ኪሳቸው አንድ የታተመ ደብዳቤ አውጥተው አሳዩኝ። ሁሉም እንደገና ከወደቁ አሥራ አንዱም አርባ ምንጭ ተወስደው በሌላ ሐኪም እንዲታዩ፣ እኔም እንድጠየቅ የሚያዝ ነበር።

«መሣሪያውስ ይሠራል» አሉ፣ ደብዳቤውን አጥፈው መልሰው ኪሳቸው እየከተቱ። «የሚያይ ሲመጣ ለየው። አንተን ተጠራጥሬ ነበር፣ ይቅርታ።»

አሥሩ በዚህ ተረፉ። ምርመራው ለምን እንደነበር ለመንደሩ የተነገረው ያን ጊዜ ነው። ልጁ እኔ በመጣሁበት መኪና፣ ከእኔ ፊት ለፊት ተቀምጦ ጂንካ ገባ። መንገዱን ሁሉ መስኮቱን ነበር የሚያየው። እኔ እሱን ማየት አቃተኝ።

ሦስት ቅዳሜ አልመጣችም። በአራተኛው መጣችና እንደ ድሮው ራሷን ጉልበቴ ላይ አደረገች። ሽፋሽፍቷ በቅሎ ዓይኗ ደም ለብሷል። «ልጄ ሄደ» አለችኝ። «ሄደ» አልኳት። በዚያች ቀንና ከዚያ በኋላ ባሉት ሰባት ዓመታት ስለ ልጇ ከዚህ ሌላ አልተባባልንም። ልጇን ያስወሰደው ያስተማርኳት ነገር መሆኑን የምታውቅ መሰለኝ፣ ቀጥሎ ደግሞ የማታውቅ መሰለኝ። ከሰሜን አንድ ደብዳቤ መጣ፣ ጸሐፊው አነበበላት፤ ከዚያ ወዲህ ቀረ። ወረንጦ ጊዜ ይገዛል እንጂ አያድንም፣ ዓይኗ ከዓመት ዓመት እየደፈረሰ ሄደ። እኔም የበና ቋንቋ ቀስ በቀስ ተማርኩ። ከእሷ ጋር ለማውራት ነበር የተማርኩት፤ ከተማርኩ በኋላ ግን ከዝናብና ከከብት በቀር የማወራት ነገር አጣሁ። ባዶ ክፍሌ ውስጥ ብቻዬን ከምሆነው ይልቅ ራሷ ጉልበቴ ላይ ሳለ ይበልጥ ብቻዬን ነበርኩ።

መንግሥት የወደቀ ዓመት ወታደሮቹ እግራቸው አብጦ፣ ጨርቅ ጠምጥመው ይመለሱ ጀመር። ጂንካ የገቡት ጤና ጣቢያው ነበር የሚመዘገቡት። እሷ ያን ጊዜ ጥላ ካልሆነ በቀር አታይም። ቅዳሜ ቅዳሜ በልጅ ልጇ እየተመራች መጥታ በር ላይ ትቀመጣለች። «አንቺ እይልኝ» ትለኛለች። እያንዳንዱን ፊት አይላታለሁ፣ መዝገቡን ከላይ እስከ ታች አይላታለሁ። የለም እላታለሁ። ስንት ቅዳሜ የለም እንዳልኳት አልቆጠርኩም።

በመጨረሻ መሸከም አቃተኝ። አንድ ቅዳሜ በቋንቋዋ፣ ቃል እንዳይጠፋባት አንድ በአንድ ነገርኳት። አሥሩም ያዩ እንደነበር፣ ጥያቄዬ የተበላሸ እንደነበር፣ አውቄ እንደተውኩት፣ ያን ቀን ደስ ብሎኝ ባላስተምራት ኖሮ ልጇ ከሌሎቹ ጋር ይወድቅ እንደነበር። የአርባ ምንጩን ደብዳቤ አልነገርኳትም፤ ራሴን ማዳን መሰለኝ።

ከዚያ በገዛ ቋንቋዋ፣ ረጋ ብላ ተናገረች።

«መንደር ያሉት ሴቶች ከሁሉ የሚያይ ያንቺ ልጅ ብቻ ነበር ይሉኛል። ልጆቻቸው አግብተው ወልደዋል፣ አንዱ ልጁን በእሱ ስም ጠርቶታል። አንተ አሁን ሁሉም ያዩ ነበር ልትላቸው ነው?»

«አይደለም» አልኳት።

«እንግዲያው ዝም በል።»

ግድግዳውን ተደግፋ ተነሣች። እጄን ስዘረጋላት በዳሰሳ አገኘችውና ወደ እኔ መለሰችው፣ የልጅ ልጇን ትከሻ ይዛ ወጣች። ከዚያ ወዲህ አልመጣችም። ይህን ስጽፍ የመንደሩን ስም፣ የእሷንም የልጇንም ስም ያልጻፍኩት ለዚህ ነው።